«ተራ በተራ ቢመረጡ» ሲል ምን ማለቱ ነው?

ጀማሪው፦ ሰላም ለቤቱ። አንድ የሒሳብ መልመጃ ከጓደኛዬ ጋር አከራክሮናል። «ከ7 ተማሪዎች 3ቱ ተራ በተራ ቢመረጡ፣ በስንት መንገድ ሊመረጡ ይችላሉ?» ይላል። እኔ «ተራ» የሚለውን ይዤ 7 × 6 × 5 = 210 አልኩ፤ እሱ «መረጠ» የሚለውን ይዞ 35 አለ። አማርኛው የማንን ይደግፋል?

ባለ ሰዋስው፦ የጓደኛህን። መረጠ በግእዝ «ሐረየ» ነው፤ «ኅሩይ» የመጣው ከዚያ ነው። ከብዙ መካከል መለየት ብቻ ነው፤ ማን ቀደመ ማን ተከተለ የለበትም። ኮምቢኔሽን፣ ማለትም ቅደም ተከተል የማይቆጠርበት ምርጫ ነው።

ፊደል ጠባቂ፦ «ኀረየ»፣ በብዙኃኑ ኀ! «ኅሩይ»ን አስተካክሎ ጽፎ ግሡን ማበላሸት እንዴት ይቻላል?

ባለ ሰዋስው፦ ስልኬ ነው። ምሥጢሩ አይለወጥም።

ሁሉን ቀማሽ፦ ሃሌታው ሀ፣ ሐመሩ ሐ፣ ብዙኃኑ ኀ በስንት መንገድ ይደረደራሉ? 3 × 2 × 1 = 6። በስድስቱም ብትጽፈው ፊደል ጠባቂ ይቆጣል 😄

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ቁም ነገሩን አትልቀቁ። «ተራ» ከ«ሠርዐ» የወጣ ነው ባይ ነኝ። «ሥርዓት»ን የሰጠን ግሥ ነው፤ መደርደር፣ በየቦታው ማኖር ማለት ነው። እንግዲህ ፐርሙቴሽን፣ ማለትም ቅደም ተከተል የሚቆጠርበት ድርደራ ነው፣ 210።

ፊደል ጠባቂ፦ ይቅርታ መምህር፣ ሠ በየት በኩል ዞሮ ተ ሆነ? ዐይኑ ዐስ የት ቀረ?

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ልጄ፣ እኔ ቅኔ ስቆጥር ያደግሁ ሰው ነኝ።

ሁሉን ቀማሽ፦ ቅኔ መቁጠርና ተማሪ መቁጠር ለየቅል ነው መምህር 🙏

ባለ ሰዋስው፦ «ተራ በተራ» የግእዙን «በበ» ነው የሚመስለኝ። «በበዘመዱ» ስንል እያንዳንዱን በየወገኑ ማለታችን ነው እንጂ ይሄ አንደኛ፣ ያ ሁለተኛ ማለት አይደለም። «ተራ በተራ»ም እንዲሁ «አንድ በአንድ» ነው።

የቅኔ ቤት ልጅ፦ አንድ በአንድ ከሆነ መጀመሪያ የወጣ አለ ማለት ነው። ቀዳሚ ካለ ተከታይ አለ።

ዝምታ፦ ሁሉን ቀማሽ በቀልድ ያመጣት 6 እኮ ዋናዋ ነገር ናት። በ210 ውስጥ እያንዳንዱ የሦስት ሰው ቡድን 6 ጊዜ ተቆጥሯል፤ 210 ÷ 6 = 35። «ተራ በተራ» ምርጫው እንዴት እንደተካሄደ ይነግረናል፤ ምን እንደሚቆጠር አይነግረንም። የሚፈለገው ሦስቱ እነማን እንደሆኑ ብቻ ከሆነ 35 ነው። መጀመሪያ የወጣው ሊቀመንበር፣ ቀጣዩ ጸሐፊ፣ የመጨረሻው ገንዘብ ያዥ የሚሆን ከሆነ ግን 210። «መረጠ»ም ቢሆን አይለይልንም፤ ሊቀመንበርም እኮ ይመረጣል።

ጀማሪው፦ ገባኝ። ግን መልመጃው ሹመትም ቡድንም አልጠቀሰም። የትኛውን ልጻፍ?

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ዝምታ «ገንዘብ ያዥ» ያልከው መልካም ነገር አስታወሰኝ። «ያዘ» ከ«አኀዘ» ነው፤ የቁጥሩ «አኃዝ»ም የዚያው ግሥ ልጅ ነው።

ፊደል ጠባቂ፦ በዚህስ ተስማምተናል መምህር። ኀውም በቦታው ነው።

ባለ ሰዋስው፦ ቆይ፣ ቁጥር ከመያዝ ጋር በምን ተዛመደ? አዲስ ርእስ ይከፈትለት።