የድሮ ካርቱን ላይ ያለው ግርፊያ ይቆረጥ ወይስ ይተው?

ጥያቄው፦ እ.ኤ.አ. ከ1930ዎቹ እስከ 1950ዎቹ በተሠሩ የአሜሪካ አጫጭር ካርቱኖች አንድ የተለመደ ቀልድ አለ። አባት ወይ አጎት ዓሣ ሊያጠምድ ይወጣል፤ ልጆቹ መላወሻ ያሳጡታል፤ መጨረሻ ላይ ቂጣቸውን ይገረፋሉ። ለሕፃናት ስናሳይ ግርፊያው ይውጣ?

የሁለት ልጆች እናት፦ ይውጣ። ልጄ አምስት ዓመቱ ነው። «ያኔ ዘመኑ እንደዚያ ነበር» ብለው ምን ይገባዋል? ደግሞ የሚያስቀው ልጅ ሲያለቅስ ነው።

የድሮ ፊልም ወዳጅ፦ ቆይ እንጂ! እነዚህ መጀመሪያውኑ ለሕፃን ብቻ አልተሠሩም። ሲኒማ ቤት ከዋናው ፊልም በፊት፣ ለትልቅ ለትንሹ የሚታዩ ሰባት ደቂቃ ገደማ የሚሆኑ ፊልሞች ነበሩ። የልጅ ያደረጋቸው ቴሌቪዥን ነው። ቀልዱም ከካርቱን ይቀድማል። ጀርመናዊው ቪልሄልም ቡሽ በ1865 ባወጣው «ማክስ እና ሞሪትዝ» ሁለቱ ዱርዬዎች ጣሪያ ላይ ወጥተው፣ የባልቴቷን የተጠበሰ ዶሮ በጭስ ማውጫው በኩል በመንጠቆ ያወጣሉ። መጨረሻቸው ወፍጮ ውስጥ ተፈጭቶ የዳክዬ መኖ መሆን ነው። ግርፊያ ከዚህ አይሻልም?

የሁለት ልጆች እናት፦ የባሰ ስላለ ይሄኛው ደህና ሆነ ማለት ነው?

አርጩሜ የቀመሰ፦ እኛ ተገርፈን አድገን ምን ሆንን? (አትመልሱልኝ፣ ባለቤቴ ትመልሳለች።)

መምህርት፦ ሁሉንም በአንድ መቀስ አትቁረጡ። በ1949 የወጣ፣ ስለ ዲዝኒው ዳክዬ ስለ ዶናልድ ዳክ ልደት የሚተርክ ካርቱን አለ። ሦስቱ የእህቱ ልጆች አንድ ሳጥን ሲጋር ይገዙለታል። እሱ ሊያጨሱት መስሎት ሁሉንም በግድ ያስጨሳቸዋል። ከዚያ የልደት ካርዱን ሲያገኝ ኩምሽሽ ይላል። ቅጣቱን ብትቆርጡት የሚያፍርበት ምክንያት የለም። እኔ የምጠይቀው አንድ ነገር ነው፦ የሚሳቀው በማን ነው?

የድሮ ፊልም ወዳጅ፦ ማስጠንቀቂያ ይጻፍበታ። የዲዝኒ ፊልሞች በኢንተርኔት የሚታዩበት ዲዝኒ ፕላስ በ2020 በአንዳንድ የድሮ ፊልሞች መግቢያ ላይ አጠናክሮ ጽፏል።

መምህርት፦ እሱ ስለ ሕዝቦችና ባህሎች አሳሳል ነው እንጂ ስለ ግርፊያ አይደለም። የአምስት ዓመት ልጅ ደግሞ አያነበውም።

የሁለት ልጆች እናት፦ እሺ፣ የሲጋሩን አብሬው ቁጭ ብዬ አየዋለሁ። የዓሣ ማጥመዱን ግን ቁረጡልኝ። እዚያ አባትየው ገርፎ፣ ዘንጉን አንስቶ፣ እየሳቀ ነው የሚሄደው።