የእናቴ ይግባኝ «አልቀረቡም» ተብሎ ተዘጋ፤ የሚከፈትበት መንገድ አለ?

የደሴዋ ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። እናቴ በውርስ ቤት ክርክር ተፈርዶባት ይግባኝ ብላ ነበር። ይግባኙ «ያስቀርባል»፣ ማለትም ሌላው ወገን ቀርቦ ይከራከር፣ ተብሎ መልስ ሰጪዎቹም (ባላጋራዎቻችን) መልሳቸውን አስገብተዋል። ባለፈው ማክሰኞ ለክርክር ተቀጥሮ እናቴ ከጠዋቱ 2፡30 ጀምሮ በምታውቀው ችሎት በር ላይ ቁጭ ብላ ስትጠብቅ፣ ለካ ችሎቱ የዚያን ዕለት ወደ ሌላ ፎቅ ተዛውሯል። እነሱ ቀረቡ፣ እሷ ሳትሰማ ተጠራች፣ መዝገቡ ተዘጋ። ጠበቃ የላትም። አዲስ ይግባኝ እንጻፍ?

ባለጉዳይ፦
ይግባኝ ባይ ከቀረ አለቀ። በሽማግሌ ብትነጋገሩ ይሻላል።

የቀድሞ መዝገብ ቤት ሠራተኛ፦
አላለቀም ልጄ። «አለቀ» የሚለውን ሰምተው ወሩን ቤታቸው ተቀምጠው የሚያሳልፉ ሰዎች ብዙ አይቻለሁ፤ እስካሁን ያንገበግበኛል።

ነገ ጠዋት ሄደሽ የትዕዛዙን ግልባጭ አውጪና የተጠቀሰውን የሕግ ቁጥር እይ። በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ ሁለቱም ወገን ከቀረ የሚዘጋው በቁጥር 69(2) ነው፤ መልስ ሰጪ ቀርቦ ይግባኝ ባይ ከቀረ በ73። የናንተ 73 መሆን አለበት። አዲስ ይግባኝ የምትሉትን ተዉት፤ ይግባኝ የሚባልበት 60 ቀን ድሮ አልፏል። መንገዳችሁ ቁጥር 74(2) ነው፦ በአንድ ወር ውስጥ ለዘጋው ለዚያው ፍርድ ቤት፣ ያልቀረቡት በበቂ ምክንያት መሆኑን አስረድቶ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከት። ወሩ የሚቆጠረው መዝገቡ ከተዘጋበት ቀን ነው። ግልባጩ ዘገየ ብላችሁ እንዳትዘናጉ።

አቤቱታው ላይ ቤቱ የማን እንደሆነ አትተርኩ። ዳኛው የሚጠይቀው እናትሽ ለምን እንዳልቀረቡ ብቻ ነው። ስለ መዛወሩ የተለጠፈ ማስታወቂያ ካለ ዛሬውኑ ፎቶ አንሱት፤ ቶሎ ይነሳል። በሩ ላይ አብሯቸው የጠበቀ ባለጉዳይ ካለም ፈልጉት፤ ለዚህ ጉዳይ ከሱ የበለጠ ምስክር የለም።

የደሴዋ ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ አባቴ። ይግባኙ እስኪታይ የፍርዱ አፈጻጸም ታግዶልን ነበር፤ እግዱስ ምን ይሆናል?

የቀድሞ መዝገብ ቤት ሠራተኛ፦
እግዱ የተሰጠው ይግባኙ እስኪወሰን ከሆነ፣ ይግባኙ ሲዘጋ አብሮ ይወድቃል። ባላጋራዎቻችሁ ነገውኑ አፈጻጸም ችሎት ሊሄዱ ይችላሉ። ስለዚህ ከማመልከቻው ጋር እግድም አብራችሁ ጠይቁ፤ ለኔ ከሁሉም የሚያስፈራው ይሄ ነው። ደግሞ ተቃራኒ ወገን መጥሪያ ሳይደርሰው መዝገቡ አይከፈትም፤ መጥሪያውን ቶሎ ወስዳችሁ አድርሱ። ኪሳራ፣ ማለትም የሌላውን ወገን የክርክር ወጪ፣ ክፈሉ ብትባሉም አትደንግጡ፤ ሕጉ ለዳኛው ይፈቅድለታል።

ጠበቃ ነኝ፦
ጋሼ ያሉት ልክ ነው። አንድ ልጨምር፦ ከማመልከቻው ጋር የሚያያዘውን ቃለ መሐላ እናትሽ ራሳቸው ይፈርሙ። በሩ ላይ የነበሩት እሳቸው ናቸው፤ አንቺ ብትምዪ የሰማሽውን ነው የምትናገሪው። በየትኛው በር፣ ከስንት ሰዓት እስከ ስንት ሰዓት እንደጠበቁ፣ መዛወሩን ማን መቼ እንደነገራቸው ዘርዝረው ይጻፉ።