ከመድረክ ወርጄ ካሜራ ይዣለሁ፤ እስቲ መላ በሉኝ

ጤና ይስጥልኝ። ያለሁት ደብረ ብርሃን ነው። ዘጠኝ ዓመት ትያትር ሠርቻለሁ። አሁን ዘጋቢ ፊልም ጀምሬ መሃል መንገድ ላይ ቆሜያለሁ።

ፊልሙ መንዝ ውስጥ የበግ ጠጉር ፈትለው ስለሚኖሩ እናቶች ነው። የደጋውን ብርድ የምንችለው ከዚያ ፈትል በሚሠራው ባና ነው። የእነሱ ድካም ግን ገበያ ላይ ዋጋ የለውም። ይሄ ያንገበግበኛል።

ባለፈው መንዝ ውስጥ፣ መሐል ሜዳ ከተማ፣ አንዲት እናት ሲፈትሉ እየቀረጽኩ ነበር። እንዝርቱ ይሽከረከራል፤ አውራ ጣታቸው ላይ ያለው ስንጥቅ ይታያል። ዝም ብዬ ማየት ነበረብኝ። እኔ ግን «እማማ፣ እስቲ ቀና ብለው ይድገሙልኝ» አልኳቸው። ነጠላቸውን አስተካከሉ፣ ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ። በቃ፣ ትያትር ሆነ። የለመድኩት እስከ መጨረሻው ወንበር እንዲሰማ ማድረግ ነው። ካሜራ ግን የሽፋሽፍት እንቅስቃሴ እንኳ አያመልጠውም።

የቴክኒኩ ነገር ብዙም አላስጨነቀኝም። አምፖል ስር ምስሉ ሲርገበገብብኝ፣ የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ ሸተሩን (ካሜራው ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያስገባበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ሳደርገው ተስተካከለ።

የከበደኝ ሰው ጋ ያለው ነው። ካሜራውን እስኪረሱት ድረስ ስንት ቀን ያለ ካሜራ ትመላለሳላችሁ? ማንበብ ለማይችሉ እናት ፈቃድ እንዴት ይጠየቃል? ወረቀት አምጥቶ ጣት ማስፈረም ይከብደኛል። ባዶ እጅ መሄድ ነውር ነው፤ ብር ብሰጥ ደግሞ ታሪካቸውን የገዛሁ ይመስለኛል። እናንተ ምን ታደርጋላችሁ?

ቅዳሜ ተመልሼ እሄዳለሁ። የሞከራችሁት ካላችሁ፣ እባካችሁ ከዚያ በፊት መልሱልኝ።