ከሙዚቃ ስቱዲዮ ወደ ፊልም ድምፅ ቀረጻ ለመሻገር ከየት ልጀምር?

አዲስ ጆሮ፦
አዲስ አበባ ውስጥ በአንድ የሙዚቃ ስቱዲዮ ድምፅ በመቅዳትና በማቀናበር አራት ዓመት ሠርቻለሁ። ባለፈው ወር አንድ ጓደኛዬ ለአጭር ፊልሙ ድምፅ እንድቀዳለት ጠይቆኝ ሁለት ቀን ከቡድኑ ጋር ዋልኩ። ሥራውን ወደድኩት፤ ይዤው የመጣሁት ድምፅ ግን ግማሹ የማይረባ ሆነ። ማይኩም መቅጃውም ጥሩ ነበሩ። ጥፋቱ የት እንደሆነና ሙያውን መተዳደሪያ ለማድረግ ከምን መጀመር እንዳለብኝ፣ በሥራው ያላችሁ ብትነግሩኝ ውለታችሁን አልረሳም።

ቡም ያዥ፦
ወንድሜ፣ ጥፋቱ ከስቱዲዮ ይዘኸው የመጣኸው ልማድ ይመስለኛል። በስቱዲዮ ዘፋኙ ወደ ማይኩ ይመጣል፤ በቀረጻ ቦታ ግን ተዋናዩን የሚከተለው ማይኩ ነው፣ ያውም ካሜራው ሳያየው። ከአፍ ያለው ርቀት እጥፍ በሆነ ቁጥር ንግግሩ በ6 ዴሲቤል ገደማ ይቀንሳል፣ የክፍሉ ማስተጋባትና የውጭው ጫጫታ ግን ባሉበት ይቆያሉ፤ ስለዚህ አንድ ክንድ የማይሞላ ርቀት ቀረጻህን ሊያድነውም ሊገድለውም ይችላል። ሌላው ቦታውን አስቀድሞ ማየት ነው፤ ቀረጻው በሚካሄድበት ሰዓት ሄደህ ዓይንህን ጨፍነህ አሥር ደቂቃ ተቀመጥ። ጠዋት ዝም ያለ ግቢ ከሰዓት የብረት በር የሚበየድበት ጎረቤት ሊኖረው ይችላል፤ በክረምት ደግሞ የቆርቆሮ ጣሪያ ካለ ዝናቡ ሲጀምር ሥራው ያበቃል። ፍሪጅ ካለ አጥፋና የመኪናህን ወይም የቤትህን ቁልፍ ውስጡ አስቀምጥ። ቁልፍህን ሳትይዝ ስለማትሄድ ፍሪጁን መልሰህ ማብራቱን አትረሳም፣ የባለቤቲቱም ሥጋ አይበላሽም። እኔ አንድ ጊዜ ረስቼ የከፈልኩትን አውቃለሁ።

ቅንብር ክፍል፦
እኔ የማገኘው እናንተ ቀድታችሁ የምትልኩትን ስለሆነ ከዚያ በኩል ልናገር። በመጀመሪያ፣ የቀዱት በስንት የናሙና ፍጥነት ነበር? የሙዚቃ ስቱዲዮ ብዙ ጊዜ 44.1 ኪሎኸርዝ ይጠቀማል፤ ለፊልም ግን 48 ኪሎኸርዝና 24 ቢት ነው የተለመደው። በየክፍሉም ሁሉም ሰው ጸጥ ብሎ ቆሞ የባዶውን ክፍል ድምፅ ቢያንስ ለ30 ሰከንድ ይቅዱልኝ፤ እሱ ከሌለ በቆረጥኩት ቦታ ሁሉ ጉድጓድ ይሰማል። ቡም ያዥ ካሉት የምጨምረው፣ ቡም (ማይኩ የሚንጠለጠልበት ረጅም ዘንግ) ሊደርስ በማይችልበት ሰፊ ትዕይንት የልብስ ማይክ ግዴታ መሆኑን ነው። ሆኖም የእኛ አልባሳት ለዚህ አይመቹም፤ አንዲት ተዋናይት ነጠላዋን ባጣፋች ቁጥር ጥጡ ማይኩን እየፋቀ አንድ ሙሉ የለቅሶ ትዕይንት እንደገና በስቱዲዮ እንድናስቀዳ አስገድዶናል፣ ያ ለቅሶ ደግሞ ዳግም አልተገኘም። ባለ 32 ቢት ፍሎት መቅጃ ገዝተው ከዚህ እድናለሁ ብለው ካሰቡ፣ እሱ የሚያድነው ከድምፅ መፈንዳት እንጂ ከልብስ መፋተግ አይደለም። ሲፋቅ ከሰሙ ዳይሬክተሩ ቢቆጣም እጅዎን አንሥተው ይናገሩ፤ ዝም ያለ ድምፅ ባለሙያ ለእኔ ከሌለ አይሻልም።

ከሎስ አንጀለስ፦
ስለ መተዳደሪያው ልመልስ። እዚህ ብዙዎቻችን የሎካል 695፣ ማለትም የሆሊዉድ ድምፅ ባለሙያዎች የሠራተኛ ማኅበር፣ አባላት ነን፤ አንድ የድምፅ ቡድን በአብዛኛው ሚክሰሩን (ቀረጻውን የሚመራውን ባለሙያ)፣ ቡም ያዡንና ገመድና ገመድ አልባ ማይክ የሚያሰናዳውን ረዳት ይይዛል፤ ብዙ ሰው የሚጀምረውም ከረዳትነት ነው። ለአዲስ አበባም የሚሠራው ነገር ይህ ነው፦ የጉልበት ክፍያና የዕቃ ኪራይ በውል ላይ ለየብቻ ይጻፋሉ። ሁለቱን በአንድ ዋጋ ከተስማማህ፣ በዓመቱ ማይክህ ሲያረጅ መተኪያው ከኪስህ ነው። ዕቃ ለመግዛትም አትቸኩል፤ መጀመሪያ ለሌላ ሚክሰር ቡም ያዝ፣ ስክሪፕቱን ሸምድደህ ቀጣዩን ተናጋሪ ቀድመህ ማይኩን አዙር።

አዲስ ጆሮ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ፋይሎቹን አሁን ከፍቼ አየሁ፤ እውነትም 44.1 ነበሩ፣ ሳሎኑ ውስጥ የተቀዱት ሁሉ ደግሞ ከበስተጀርባቸው ፍሪጅ ያንጎራጉራል። ጓደኛዬ ሁለት ትዕይንት ደግመን እንድንቀርጽ ተስማምቷል። ቅዳሜ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ብቻዬን ሄጄ ግቢውን አዳምጣለሁ። ቡም ያዥ፣ ረዳት የሚያስፈልግዎ ቀን ካለ በውስጥ መልእክት ቢነግሩኝ ያለ ክፍያም እመጣለሁ።

ቡም ያዥ፦
ያለ ክፍያ አትምጣ፤ ዋጋ ያሳጣናል። የሚቀጥለው ሳምንት ሥራ የእርሻ ቦታ ላይ ነውና ጫማህ የማይንቋቋ ይሁን።