ለወፍ ምልከታ የትኛውን ባይኖኩላር ልምረጥ?

ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ፣ ቡራዩ ሲሆን፣ በገፈርሳ የውኃ ማጠራቀሚያ ዳርቻ ወፎችን ለመመልከት የመጀመሪያዬን ባይኖኩላር (በሁለት ዓይን የሚታይበት የሩቅ ማያ መነጽር) ልገዛ አስቤ በ8×42 እና በ10×42 መካከል መወሰን ተስኖኛል፤ የፊተኛው ቁጥር ስንት እጥፍ እንደሚያጎላ፣ 42 ደግሞ የፊት ሌንሱን ስፋት በሚሊ ሜትር ያሳያል።

በአገራችን ብቻ የሚገኘው ባለ ሰማያዊ ክንፍ ዝይ ብዙ ጊዜ ከውኃው ማዶ ባለው እርጥብ ሣር ላይ ስለሚግጥ፣ 10 እጥፍ የሚያቀርበው ይበጀኛል እላለሁ፤ ይሁንና ማጉላቱ በጨመረ ቁጥር የእጅ መንቀጥቀጥ አብሮ እንደሚጎላና የእይታው ስፋት እንደሚጠብ አውቃለሁ፤ ገፈርሳ ደግሞ ነፋስ አያጣም። የብርሃንም ጉዳይ አለ። 42ን በማጉያው ቁጥር ስናካፍል ወደ ዓይን የሚደርሰው የብርሃን ክብ በመጀመሪያው 5.25፣ በሁለተኛው 4.2 ሚሊ ሜትር ይሆናል። የምወጣው ገና ጎህ ሲቀድ ስለሆነ፣ ይህ ልዩነት በተግባር ይታወቃል ወይ?

ከሁሉ በላይ የሚያሳስበኝ የዓይን መነጽር ማድረጌ ነው። ሱቅ ውስጥ አንዱን ስሞክር፣ የዓይን መደገፊያውን ጎማ እስከ መጨረሻው ዝቅ ባደርገውም ዙሪያው ጠቁሮ መሀሉ ብቻ ታየኝ። ዓይን ከሌንሱ ርቆ ሙሉውን ምስል የሚያይበት ርቀት 15 ሚሊ ሜትር ቢሆን ይበቃኛል ወይስ 17 እና 18 ልፈልግ?

ውኃ የማያስገባና በናይትሮጂን የተሞላ መሆኑ ላይ ግን አልደራደርም፤ የክረምቱ ብርድና ዝናብ ሌንሱን ከውስጥ እንዲያደበዝዝብኝ አልፈልግም።

መነጽር እያደረጋችሁ በእነዚህ የተጠቀማችሁ ሁሉ፣ የትኛውን ለምን እንደመረጣችሁና ከመግዛቴ በፊት ምን ምን ልፈትሽ እንደሚገባ ብትገልጹልኝ ከልብ አመሰግናለሁ።