ታይታኒክ፦ የተቆረጡትን ትዕይንቶች ፊልሙ ውስጥ መቀጠል ይቻላል?

ማሂ፦ ሰላም ወገኖች። የታይታኒክ (1997) የተራዘመ ቅጂ ኦሪጅናሉ የት ይገኛል? እጄ ላይ ያለው 4 ሰዓት ገደማ ነው፤ ግን የተጨመሩት ትዕይንቶች ላይ ድምፁ ከከንፈር ይቀድማል፣ እየቆየም ይብስበታል። መጨረሻ ላይ ደግሞ አልማዙ ሁለቴ ባሕር ይገባል!

ቆራጩ፦ ዳይሬክተሩ ካሜሮን ያወጣው የተራዘመ ቅጂ የለም። ፊልሙ 3 ሰዓት ከ14 ደቂቃ ነው፤ ከዚያ የሚረዝመው ሁሉ የአድናቂ ቅጥል ነው። የተቆረጡት ለብቻቸው በ2005ቱ ልዩ ዲቪዲና በ2012ቱ ብሉሬይ ላይ አሉ። የ1999ኙን ዲቪዲ አትግዢ፣ አንዱም የለበትም።

አልማዙ ሁለቴ የሚወድቀው ሌላኛው መጨረሻ በዋናው ምትክ መግባት ሲገባው ስለተጨመረበት ነው። አሮጊቷ ሮዝ ወደ መርከቡ ኋላ ስትሄድ ከሚታየው ጀምረሽ አልማዙ እስኪሰጥም ያለውን አውጪና ሌላኛውን መጨረሻ ተኪበት። (ሌላኛው መጨረሻ ሀብት ፈላጊው ብሮክ አልማዙን የሚዳስስበት ነው። መቆረጡ ደግ ነበር፣ ለኔ።)

ድምፅ ክፍል፦ እየቆየ የሚብስ ከሆነ የፍሬም (በሰከንድ የሚያልፉ ምስሎች ብዛት) ጣጣ ነው። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው እኩል ቢሆን ኖሮ ድምፁን ገፋ ማድረግ ይበቃ ነበር። የአውሮፓ ዲቪዲ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ብሉሬይ 23.976 ነው። የዲቪዲውን ምስል ብቻ ወደ ብሉሬዩ ፍጥነት አዘግይተው ድምፁን ከረሱት፣ 3 ደቂቃ ትዕይንት ላይ መጨረሻው 7 ሰከንድ ያህል ይዛነፋል። ኦዳሲቲ በሚባለው የድምፅ ማስተካከያ ፕሮግራም ላይ ድምፁን ወደ 95.904 ከመቶ አውርጂው። «ቴምፖ» ሳይሆን «ስፒድ» የሚለውን ምረጪ፤ የቀጠነው ድምፅም አብሮ ይመለሳል።

ከዚያ ቁርጥራጮቹን በኤምኬቪ ቱልኒክስ (የቪዲዮ ፋይል ማጋጠሚያ ፕሮግራም) ከማጋጠምሽ በፊት ሁሉንም በሚዲያኢንፎ (የፋይሉን ዝርዝር የሚያሳይ ፕሮግራም) እዪ፦ ኮዴክ (ፋይሉ የታመቀበት ዘዴ)፣ የምስል መጠን፣ ፍሬም፣ የድምፅ ቻናል። አንዱ ስቴሪዮ (2 ቻናል) ሌላው 5.1 (6 ቻናል) ከሆነ መጋጠሚያው ላይ ድምፅ ሊጠፋ ይችላል።

ሦስተኛ ማዕረግ፦ የ3ዲውን ዲስክ ከሌላው ጋር አትቀላቅዪ፣ ምስሉ ከላይና ከታች ሰፋ ያለ ነው።

አንድ ብቻ ከመረጥሽ የካል (የሮዝ እጮኛ) ጠባቂ ላቭጆይ በጎርፍ በተሞላው ምግብ አዳራሽ ከጃክ ጋር የሚደባደብበትን አስገቢ። መርከቡ ለሁለት ሲሰነጠቅ የላቭጆይ ግንባር ለምን ደም በደም እንደሆነ የሚገባው ያኔ ነው። ቦታው፦ ካል «አልማዙን ኮቱ ውስጥ ከተትኩት» ብሎ ከሳቀ በኋላ፣ የሚያለቅሰው ሕፃን ከመሰማቱ በፊት።

ማሂ፦ መጋጠሚያው ላይ ሙዚቃው ቢቋረጥስ?

ድምፅ ክፍል፦ ሙዚቃ ላይ አትቁረጪ። የውኃ ወይም የሞተር ድምፅ ብቻ ያለበትን ቦታ ፈልጊና ግማሽ ሰከንድ አደራርቢው።