የፍሎሪዳው የሎሚ ፓይ ጅማ ላይ ይሠራል?

የጅማ ልጅ፦ ሰላም ናችሁ? የፍሎሪዳውን ኪ ላይም ፓይ ቤት ልሞክረው ነው። ከሂርማታ ገበያ የምንገዛው ትንሹ ሎሚ ይሆናል? ክሬም ማግኘት ደግሞ ጣጣ ነው።

ቡና ወዳድ፦ ክሬም ምን ያደርግልሃል! አንድ ጣሳ ኮንደንስድ ሚልክ (ስኳር ያለው ወፍራም የጣሳ ወተት)፣ 4 የእንቁላል አስኳል፣ ግማሽ ኩባያ የሎሚ ጭማቂ፣ አለቀ። ስታማስለው ጭማቂው ወተቱን ዓይንህ እያየ ያወፍረዋል። ትንሹ ሎሚ ደግሞ አሪፍ ነው፣ ቢጫ ቢሆንም ችግር የለውም።

እቴቴ፦ ልጄ፣ አረንጓዴ ቀለም እንዳትጨምርበት፤ ትክክለኛው ፈዘዝ ያለ ቢጫ ነው። ከሥሩ የደቀቀ ብስኩት በቀለጠ ቅቤ ለውሰህ ጠቅጥቀው። የገበታ ቅቤ ይሁን፤ የወጥ ቅቤ ካደረግህበት ኮረሪማ ኮረሪማ ይልብሃል።

ቡና ወዳድ፦ እቴቴ ልክ ብለዋል። ኦቨን ውስጥ 15 ደቂቃ፣ ከዚያ ፍሪጅ ውስጥ ይደር፣ መብራት ካልጠፋ።